ከዛፉ ሥር የለቀምኩት ማሮን

ጄኔቫ ውስጥ ቅጠል መርገፍ ሲጀምር ማሮን የሚሉትን ፍሬ መንገድ ዳር ጠብሰው በትኩሱ ይሸጣሉ። ነፍሴን እስክስት እወደዋለሁ። “ለ ሊኞን” በሚባለው ሰፈር፣ ከምኖርበት ሕንፃ ሥር ባለው የአትክልት ቦታ፣ ትልልቆቹ ዛፎች ቁርጥ እሱን የመሰለ ቡናማ ፍሬ ያራግፋሉ። ሰው ሁሉ ረግጦት ሲያልፍ እየገረመኝ አንድ ፌስታል ሙሉ ለቅሜ ገባሁ።

የዚያን ቀን ጓደኛዬ ከዙሪክ ልትጠይቀኝ መጣች። ፍሬውን በቢላ ሰነጣጥቄ መጥበሻ ላይ እንደ ቆሎ ቆላሁና አቀረብኩላት። እንግዳ ሳይቀምስ እኔ አልቀምስም፤ እቤት የለመድኩት ነው።

"በልቼ ነው የመጣሁት" አለች።

"በሞቴ" አልኳት።

"እውነቴን ነው፣ ጠግቤአለሁ።"

አንዱን ልጬ ላጎርሳት ስል ፊቷን አዞረች። ተናደድኩ። ድሮም መለመን ትወዳለች። "እንግዲያው እኔው እበላዋለሁ" ብዬ ወደ አፌ ሳስጠጋ እጄን ለቀም አድርጋ ያዘችው።

"ተዪው፣ ይሄ የሚበላው አይደለም። የሚበላው ጫፉ ላይ እንደ ጭራ ያለ ነገር አለው። ይሄ ይመርዛል።"

ፍሬው ከእጄ ወደቀ። ሁለታችንም እንዳልቀመስን ሲገባኝ እፎይ ብዬ ወንበሩ ላይ ዘፍ አልኩ። ትንሽ ቆይቶ ግን ንዴቴ ተመለሰ።

"ታዲያ ከመጀመሪያው አትነግሪኝም ነበር?"

"ለፍተሽ ያቀረብሽውን ምን ብዬ ላጣጥልብሽ?" አለች አንገቷን ደፍታ። "አንድ በሞቴ ብትጨምሪ ኖሮ እኮ እበላልሽ ነበር።"