በሰልፉ መሀል የተተወው ቦታ

ዛሬ የኮንዶሚኒየማችንን ጥበቃ ጋሽ ታደሰን ቀበርን። ሳጥኑ ሲወርድ ሦስት ሽማግሌዎች ተሰለፉ፤ ግን በጣም ተራርቀው።

የእድሩ ዳኛ «አባቶች፣ ጠጋ ጠጋ በሉ እንጂ» ቢሏቸው ንቅንቅ አላሉም።

አንደኛውን ጠየቅኳቸው።

«ኮማንዶ ነበርን። አስር ሆነን በተራ ቁጥር ነበር ከአውሮፕላን የምንዘለው። እኔ ሁለተኛ ነኝ፣ እሱ አምስተኛ፣ ያኛው ዘጠነኛ። መሀሉ የሰው ቦታ ነው» አሉኝ።

ጦሩ ከተበተነ ስንት ዘመኑ! እኛ የኮዬ ፈጬ ሰዎች ደግሞ ጋሽ ታደሰን የምናውቃቸው በሩን ቶሎ እንዲከፍቱ ክላክስ ስናደርግባቸው ነው።

«ጋሽ ታደሰስ ስንተኛ ነበሩ?»

«አንደኛ። ሁሌ እሱ ነበር ቀድሞን የሚዘለው። ወደ አፈር ግን ስድስቱ ጓዶቻችን ቀደሙት።»

እናንተስ፣ በራችሁን የሚጠብቁትን ሽማግሌ ድሮ ምን እንደነበሩ ጠይቃችሁ ታውቃላችሁ? እኔ አራት ዓመት ሙሉ አልጠየቅኩም።