አባቴ ጎንበስ ያሉበት በር

ፊልሜን በአዳራሹ ሊያሳይልኝ ቃል የገባው የአዲስ አበባ ሰው አይቶ ሲጨርስ መጀመሪያ የጠየቀኝ ዋልያው የት እንዳለ ነው። ሰሜን ተራሮች ድረስ ሄጄ ዋልያ ሳልቀርጽ፣ ገደሉን በድሮን ሳላነሳ፣ ዋሽንት ሳልጨምርበት መመለሴ ሊገባው አልቻለም። እኔ ደግሞ ተወልጄ ያደግኩት እዚያው ፓርኩ ውስጥ፣ ጊች በምትባል መንደር ነው። እዚያ ገደሉን ቆሞ የሚያየው እንግዳ ነበር፤ እኛ የምናየው ገብሳችንን ነው።

መንደሩ ከፓርኩ እንዲነሳ ተደርጎ ደባርቅ ከተማ ከሰፈርን ወዲህ የቤታችንን ቦታ ሳር ውጦታል። ካሜራዬን ባዶው ሜዳ ላይ ተከልኩና አባቴን አንድ ነገር ለመንኳቸው፤ ቤቱ እንዳለ ቆጥረው ይግቡልኝ አልኳቸው። በራችን ለብርዱ ሲባል ዝቅ ብሎ የተሠራ ነበር፣ እሳቸው ደግሞ ቁመተ ረጅም ናቸው። በሳሩ መሀል ቀስ እያሉ መጡ፤ አንድ ቦታ ሲደርሱ ጎንበስ አሉ፣ አለፉ፣ ቀና አሉ። ከዚያ መደቡ የነበረበት መሬት ላይ ተቀመጡ። እኔም ካሜራውን አላንቀሳቀስኩም። ትዝታን የምፈልገው ከወገብና ከእግር ነው። አፍ ያሳምራል፤ ወገብ ግን መዋሸት አያውቅም።

ሰውዬው ይህንን ቁረጪው አለኝ። ሽማግሌ ሰው ሜዳ ላይ ለሌለ በር ሲያጎነብስ ያየ ሁሉ ይስቅበታል አለ። ተናደድኩ፤ የተናደድኩት ደግሞ እኔም ይህንኑ ስለምፈራ ነው። አባቴን በገዛ እጄ ለመሳቂያ አሳልፌ የሰጠሁ እየመሰለኝ ስንት ጊዜ ልቆርጠው ተነስቼ ነበር። እሱ ቁረጪ ሲለኝ ግን ካፈርኩ አይመልሰኝ ሆነ። አንዲት ሰከንድ አልነካም፣ አዲስ አበባ ካልታየም ይቅር ብዬ ፊልሜን ይዤ ወጣሁ።

እሁድ ከቅዳሴ በኋላ የጊች ሰዎችን ደባርቅ ባለው የእድራችን ቤት ሰበሰብኩ። መስኮቱን በብርድ ልብስ ጋርደን፣ ከትምህርት ቤት በተዋስኩት ፕሮጀክተር ግድግዳው ላይ አሳየሁ። አባቴ ፊት ተቀመጡ። በፊልሙ ላይ ጎንበስ ሲሉ ከኋላ አንዲት ሴት ሳቀች። ከዚያ ሌላው፣ ከዚያ ቤቱ በሙሉ። ላጠፋው ዘልዬ ተነሳሁ።

መጀመሪያ የሳቁት ሴት የድሮ ጎረቤታችን ናቸው። ግንባራቸውን እያሻሹ፣ «አይ ያ የበሩ ጉበን! እኔንስ ስንቴ ፈነከተኝ» አሉ። ሌላው ደግሞ በሩ ትንሽ ወደ ግራ ነበር ብሎ ተከራከረ። አባቴ ዞር ብለው እጄን ያዙኝ።

«ተይው ልጄ፣ አታጥፊው። የሚስቀው ቤቴን የሚያውቀው ነው።»