መሰል በመሰል ውስጥ

አባባ ያቺን ትምህርታቸውን ያገኟት ከአበባ ጎመን ነው። ጡረታ በወጡ ሰሞን ለጉዳይ ደብረ ብርሃን ሄደው ሲመለሱ፣ እኛ በምንገበይበት በቀየት ገበያ ላይ አይተነው የማናውቀውን ነጭ ነገር በፌስታል ይዘው መጡ። እማዬ እያገላበጠች አየችውና፣

«ይኼ ደግሞ ይበላል?» አለች።

«ቆይ፣ መጀመሪያ እዪው» አሉና አንድ ዘለላ ገነጠሉ። ከዘለላው ላይ ትንሽ ዘለላ፣ ከትንሿም ላይ ጥፍር የምታህል። ሰፌድ ላይ ደረደሯቸው። «ይኼ ጎመኑ ነው። ይኼም ጎመኑ ነው። ይቺም። መጠኑ እንጂ መልኩ አልተለወጠም።»

«እንግዲያው አንተ ትንሿን ብላና ጥገብ፤ የቀረውን ለእኔ ተውልኝ» አለችና ወደ ድስቷ ይዛው ሄደች።

አባባ ዕድሜያቸውን ሙሉ ሒሳብ ያስተማሩ ሰው ናቸው። ከዚያ ቀን በኋላ ግን ነገሩ ከሒሳብ አለፈ። «መሰል በመሰል ውስጥ» ብለው ስም አወጡለት። እግዚአብሔር ዓለምን ሲሠራ ቁራጭ ከቁራጭ አልሰፋም፤ በእያንዳንዱ ነገር ውስጥ ሙሉውን አኖረ፤ ስለዚህ ትንሽ የሚባል ነገር የለም፣ ከሩቅ የሚታይ ትልቅ ነገር እንጂ፤ ይሉ ነበር። ዝናብ ሲያባራ ደጅ ይወጡና ጎርፉ አፈሩ ላይ የቦረቦራትን ቦይ በዱላቸው ያሳዩኛል። «ይቺ ገደል ናት። ይኸው አፋፏ፣ ይኸው ገባሯ።» ቀኑም ለእሳቸው ዓመት ነበር፤ ጠዋቱ ብርዳሙ ኅዳር፣ እኩለ ቀኑ ፀሐያማው መጋቢት፣ ከሰዓት በኋላው ዝናባማው ሐምሌ።

የንስሐ አባታችን ለጸበል ጸዲቅ ቤታችን መጥተው ይህን ሰሙ።

«መምህር፣ እንግዲያው አርባ አንድ ጊዜ የምንለው እግዚኦታ አንዴ ቢባል ይበቃል ነው የሚሉት?»

«የለም አባታችን። አንዷን ከልቡ ያለ ሰው አርባ አንዷን ያውቃታል ነው የምለው።»

«እንዲያ ከሆነ አርባ አንዷንም ከልብዎ ይበሏት!» አሉና ሳቁ። አባባም አብረው ሳቁ። ግን አልተረቱም፤ እንግዶቹ እስኪነሱ ድረስ ከጠላው አረፋ እስከ ሰማይ ከዋክብት ምሳሌ ሲደረድሩ ዋሉ። እማዬ ሰው ፊት «ተው እንጂ» ማለት አልፈለገችም፤ ዋንጫቸውን ትሞላ ነበር።

እኔ ዓለም ከተማ ልብስ ሰፊ ነኝ። ባለፈው ዓመት ዐቢይ ጾም ሊያዝ ሲል፣ ስፌት መኪናዬ ላይ ተቀምጬ ቀሚስ ስዘመዝም እማዬ ደወለች።

«አባትሽ ወደቀ። አንደበቱ ተያዘ» አለችኝ።

ቀሚሱን መርፌው እንደተሰካበት ትቼ ተነሳሁ። አውቶቡስ እየለዋወጥኩ ደብረ ብርሃን ሆስፒታል ስደርስ፣ ጎረቤቶች አባባን በቃሬዛ ተሸክመው መኪና መንገድ ድረስ እንዳወጧቸው፣ ከመካከላቸውም ሁለቱ አብረው እንደመጡና ወንበር ላይ እንዳደሩ ሰማሁ። ያንን ውለታ በምን ቋንቋ እንደማመሰግን እስከ ዛሬ አላወቅሁም። አባባ ቀኝ እጅና እግራቸው አልታዘዝ ብሎ፣ አፋቸው ወደ ጎን ተጣሞ ተኝተዋል። ሐኪሙ የደም ግፊት ነው አለ። አንዲት ባለሙያ ደግሞ ጣታቸውን እንዴት እያነሳሁ እንደማፍታታ ታግሳ አሳየችኝ።

ቤት ስንገባ ግን አባባ እምቢ አሉ። ክፍል ሙሉ ተማሪ ያናገረ ሰው፣ ውሃ ለመጠየቅ ማጉረምረም ሲሆንበት ፊቱን ወደ ግድግዳ አዞረ። እኔ በትልቁ አባበልኳቸው። «አይዞዎት፣ ለፋሲካ ቤተ ክርስቲያን በእግርዎ ይሄዳሉ» ስላቸው ዓይናቸውን ጨፈኑ። ፋሲካ ከአልጋቸው ላይ ሆኖ ሲታይ ምን ያህል ሩቅ እንደነበር አሁን ይገባኛል።

አንድ ጠዋት እማዬ ገብስ ቆሎዋን አስቀምጣ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። የማይታዘዘውን እጃቸውን ጭኗ ላይ አደረገችው።

«ትልቁ ከትንሹ ውስጥ አለ ስትለኝ ኖረህ የለ?» አለች። «እኔ ስስቅብህ ኖሬያለሁ። እስኪ ዛሬ አሳየኝ። ይቺን አውራ ጣት አንቀሳቅሳት። ካንቀሳቀስካት ቤተ ክርስቲያን ደርሰሃል፤ ሌላ አልፈልግብህም።»

አባባ ዞረው አዩዋት። ግማሽ አፋቸው ፈገግ አለ። ረጅም ጊዜ ምንም አልሆነም። ከዚያ ጣቷ፣ የንብ ክንፍ ያህል፣ ንቅንቅ አለች።

እማዬ እልል አለች። ጾም መሆኑንም ረሳች።

ከዚያ ወዲያ ቤታችን የሚሠራው በዚያች ትምህርት ሆነ። «ው» ካሉ እማዬ «ውሃ ብሏል!» ብላ ትሰጣቸዋለች። ከአልጋ ወርደው መደቡን ከያዙ «ገበያ ደርሰህ መጣህ» ትላቸዋለች። እኔም ሥራዬን ለጓደኛዬ አደራ ሰጥቼ ከረምኩ። አባባ ፋሲካን ቤተ ክርስቲያን አላስቀደሱም። ደጃፋችን ላይ ቆመው ደወሉን ሰሙ፤ የንስሐ አባታችን ከቅዳሴ በኋላ ራሳቸው መጥተው መስቀላቸውን አሳለሟቸው። ዓለም አባባ እንደሚሉት መሠራቷን የንስሐ አባታችንን ጠየቅኋቸው። «እሱን አላውቅም» አሉኝ። «እናትሽ ግን በደንብ ተምራዋለች።»

ቀኝ እጃቸው እስከ ዛሬ አልተመለሰም። መጻፍ ቀርቷል። ይህ ያሳዝናቸዋል፤ እኔንም።

ክረምቱ ሲወጣ ጓሳ ከሚባለው ጥብቅ የሣር አምባ ዳር የሚኖሩት የእማዬ ወንድም፣ አጎቴ፣ «አየር ይለውጥ፣ አምጡት» አሉ። ወሰድናቸው። የጓሳ ሣር ለአጨዳ የተፈቀደበት ሰሞን ስለነበር አጎቴ ወደዚያው ሲወጡ አባባን ፈረሳቸው ላይ አስቀመጧቸው። እኔ ልጓሙን ያዝኩ። እማዬ በጎን እየሄደች፣ ደካማው እግራቸው ከእርካቡ እንዳይወጣ ደግፋ ይዛለች። ከገደሉ አፋፍ፣ ጅባራ ከሚባለው ረጅም የደጋ ተክል መሐል ስንደርስ ሁላችንም ቆምን። አጎቴ፣ አባባ አንድ ነገር ይናገራሉ ብለው ጠበቁ፤ እኔም እየተንተባተቡም ቢሆን ስለ ገደሉ፣ ስለ ሣሩ፣ ስለ አንዲቷ ሰበዝ የሚሉት ይኖራል ብዬ ነበር።

«በረደኝ» አሉ አባባ፣ ቀስ ብለው፣ ፊደሉን ሳያዛቡ። «ቤት እንግባ።»

ከታመሙ ወዲህ ከአፋቸው የወጣ የመጀመሪያው ሙሉ ንግግር ነበር። እማዬ እየሳቀች አለቀሰች። አጎቴ በርኖሳቸውን አውልቀው አለበሷቸው፤ እኔም የፈረሱን አንገት ወደ መጣንበት አዞርኩ።