እንቁላል ያመጠቅን ጊዜ

ባለፈው እሑድ ሶልና በሚባለው ከተማ፣ እህቴ ቤት ነበርኩ። የስድስት ወር ልጇን አጥባ ካደረቀችው በኋላ አንገቱ ሥር የሕፃን ፓውደር ነሰነሰችለት። ብናኙ በመስኮቱ በገባው የከሰዓት ፀሐይ ውስጥ ቀስ ብሎ ሲወርድ አየሁት፤ ወዲያው ሽታው ደረሰኝ። እህቴ ዳይፐር እንዳቀብላት ሁለቴ ሳትጠይቀኝ አልቀረችም። እኔ ግን እዚያ አልነበርኩም። ሻርሆልመን የሚባል ሰፈር ነበርኩ፤ የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ፣ ከአንድ ልብስ ሰፊ መቁረጫ ጠረጴዛ ፊት ቆሜ፣ እጄ እስከ ክርኔ ድረስ በፓውደር ነጥቶ።

ወደ ሮኬት ዓለም የገባሁት በቋንቋ በኩል ነው። ስዊድን ስመጣ አሥራ አራት ዓመቴ ነበር፤ ከመናገር ይልቅ ማንበብ ይቀለኝ ነበር። ቤተ መጻሕፍት ውስጥ የስዊድንን የሮኬትና የሕዋ ምርምር ታሪክ የሚያወራ፣ ሥዕል የበዛበት ቀጭን መጽሐፍ አገኘሁ። መዝገበ ቃላት አጠገቤ ዘርግቼ ሦስት ጊዜ ጨረስኩት። በስዊድንኛ የዳቦ ዋጋ መጠየቅ ከመቻሌ በፊት "የነዳጅ ክፍል" ማለት እችል ነበር።

ከዚያ መጽሐፍ እንደተረዳሁት፣ ነገሩ የተጀመረው በፈረንጆቹ ስልሳዎቹ መጀመሪያ፣ በሰሜን ጫካ ውስጥ፣ በትናንሽ ሮኬቶች ነው። በዚያ አገር በበጋ ሰማዩ ላይ በጣም ከፍ ብለው የሚያበሩ ደመናዎች አሉ። ከምን እንደተሠሩ ለማወቅ ሮኬት ተኩሰው በደመናው ውስጥ አሳለፉት፤ የያዘውን ብናኝ ይዞ ወደ ምድር እንዲመለስላቸው ፈለጉ። ቆይቶ ከኪሩና ከተማ ውጭ ትልቅ ጣቢያ ተሠራ። ከዚያ ጣቢያ የሚተኮሱት ሮኬቶች ምድርን አይዞሩም። ይወጣሉ፣ ለጥቂት ደቂቃ ይለካሉ፣ ይመለሳሉ። የመለኪያ ሣጥኑ በፓራሹት ይወርድና ሄሊኮፕተር ሄዶ ከበረዶው ላይ ያነሳዋል። እኔን የያዘኝ ይሄ መመለሱ ነበር። ለምን እንደሆነ ያን ጊዜ ራሴን አልጠየቅኩም።

ሁዲንጌ በምማርበት ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የፊዚክስ አስተማሪያችን ውድድር አወጣች። እያንዳንዱ ተወዳዳሪ የካርቶን ሮኬት ይሠራል፤ ውስጡ ጥሬ እንቁላል ይቀመጣል፤ እንቁላሉ ሳይሰነጠቅ መመለስ አለበት። ለእያንዳንዳችን ሦስት ሙከራ ተፈቀደልን። ያሸነፈ ኪሩና ጣቢያ ድረስ ሄዶ ከሌሎች ተማሪዎች ጋር አንድ ሳምንት ይቆያል። ከትምህርት ቤታችን የሚሄደው አንድ ሰው ብቻ ነው። በሕይወቴ እንደዚያ የፈለግኩት ነገር አልነበረም።

ሁለቱን ሙከራ አበላሸሁ። ሁለቱም ጊዜ ሮኬቱ ቀጥ ብሎ ወጣ፤ ሁለቱም ጊዜ ፓራሹቱ እንደተጠቀለለ እንደ ዱላ ወረደ። ሁለተኛውን እንቁላል ከነሣጥኑ ከበረዶው ውስጥ ሳወጣ አስተማሪዋ ትከሻዬን መታ መታ አደረገችና "ቀለሙ ግን በጣም ያምራል" አለችኝ። ከዚያ የባሰ ማጽናኛ ሰምቼ አላውቅም።

ማታ አባቴ መከፋቴን አይቶ ምክንያቱን ጠየቀኝ። ነገርኩት። "ሻርሆልመን ሱሪ የሚያሳጥሩልኝ ሰውዬ እኮ በወታደርነታቸው ዘመን ፓራሹት ይጠቀልሉ ነበር" አለ። አባቴ ከቤተ ክርስቲያንና ከሥራው ውጭ ስለ ሰው ብዙ አያወራም፤ ይሄን እንዴት እንዳወቀ እስካሁን ይገርመኛል።

ሱቁ ከገበያ ማዕከሉ ጀርባ፣ ከደረጃ ሥር ነበር። ስትገባ የእርጥብ ሱፍና የማሽን ዘይት ሽታ ይቀበልሃል። ልብስ ሰፊው የወሎ ሰው ነበሩ፤ ስድሳን ያለፉ፣ ሁልጊዜ ከከንፈራቸው ጫፍ ክር የማይጠፋ። ልጃቸው ከትምህርት ቤት መልስ ጥግ ላይ ተቀምጣ ቁልፍ ትሰፋላቸዋለች፤ በአማርኛ ሲያወሯት በስዊድንኛ ትመልሳለች። ሌላው የማይጠፋ ሰው አንድ የአዲስ አበባ ልጅ የአውቶቡስ ሹፌር ነበር፤ የእረፍት ሰዓቱን የሚጨርሰው እዚያ ነው።

ሮኬቱን ከፌስታል ሳወጣ ሹፌሩ ቀድሞኝ ተናገረ።

"ምንድን ነው ይሄ? ዣንጥላ ነው?"

"ሮኬት ነው" አልኩ።

"ውስጡ ምን አለ?"

"እንቁላል።"

"አገሯ ሳተላይት አመጠቀች፣ ልጇ እንቁላል!" ብሎ ጉልበቱን መታ። የኢትዮጵያ የመጀመሪያ ሳተላይት ወሬ ገና ያልበረደበት ጊዜ ነበር። "ለነገሩ እሷም በቻይና ትከሻ ነው የወጣችው። በሰው ሮኬት ምኑ ይኮራል?"

በዚያ ዕድሜዬ ትልቅ ሰው መሃል ገብቼ አልናገርም ነበር። ግን ስህተት ሰምቼ ማለፍም አልችልም።

"ስዊድንም የመጀመሪያ ሳተላይቷን የላከችው በሌላ አገር ሮኬት ነው" አልኩት። "ያኔ እዚህ ሮኬት መተኮስ ከጀመሩ ሃያ ዓመት አልፏቸው ነበር።"

ልብስ ሰፊው ማሽኑን አቆሙ። "እንዲህ ነው እንጂ! በል ሹፌር፣ መልስ ስጠው" አሉ። ሹፌሩ ሰዓቱን አይቶ ወጣ።

ፓራሹቱን ዘረጉት። ስልሳ ሁለት ሴንቲ ሜትር ስፋት ያለው ቀጭን ናይለን ነበር፤ ስምንት ገመድ ነበረው። የገመዶቹ ርዝመት በአንድ ሚሊ ሜትር እንኳ አይበላለጥም። ልብስ ሰፊው ስፌቱን በጥፍራቸው ዳሰሱት፤ ቀና ብለው አዩኝና "ማን ሰፋው?" አሉ። "እኔ።" ራሳቸውን ነቀነቁ። ቀጥሎ እንዴት እንደምጠቀልለው እንዳሳያቸው ጠየቁኝ።

አሳየኋቸው። አራት ጊዜ አጠፍኩት፤ እጥፋቱን ቤት በካውያ፣ በዝቅተኛ ሙቀት እተኩሰው እንደነበር ነገርኳቸው። ገመዱን በጨርቁ ዙሪያ ሃያ ጊዜ ጠመጠምኩ፤ አንዱ ዙር በሌላው ላይ ሳይደረብ።

"መቼ ነው የምታጥፈው?"

"ከመተኮሱ አንድ ሳምንት ቀደም ብዬ። በደንብ እንዲይዝ ብዬ።"

ሳቁ። ልጃቸውም ቀና ብላ አየችኝ።

"ወላሂ ይሄን የመሰለ ሥራ አይቼ አላውቅም፤ ለሙሽራ መሐረብ ይሆናል" አሉ። ሳቃቸው ጠፋና ጨርቁን አነሱት። "ስማኝ ልጄ። ልብስ የሚታጠፈው እንዳይፈታ ነው። ይሄ የሚጠቀለለው ሊፈታ ነው። አንተ እያሰርከው ነው የላክኸው።"

ስህተቴ ጥንቃቄ ማብዛቴ ነበር። ብርዱ በካውያ የያዘውን እጥፋት አድርቆታል፤ በጥንቃቄ የጠመጠምኩት ገመድ ደግሞ አንቆታል። ሁለት ወር ሙሉ ያጠፋሁት የሞተሩን ኃይልና የክንፎቹን ማዕዘን በመመርመር ነበር።

ለሦስት ሳምንት ማክሰኞና ሐሙስ ከትምህርት ቤት በቀጥታ ወደ ሱቁ ሄድኩ። የሕፃን ፓውደር ከጎን ካለው ሱቅ ያስገዙኛል፤ ናይለን በብርድ እንዳይጣበቅ ነው። መጀመሪያ ጨርቁን ማራገብ፣ ቀጥሎ ፓውደር መነስነስ፣ ቀጥሎ ገመዱን በጣቶች መካከል ወዲያና ወዲህ እያመላለሱ መደርደር፤ መጠምጠም በፍጹም የለም። ከዚያ ላላ አድርጎ መጠቅለል። ሲያስተምሩኝ እጃቸው ይፈጥናል፣ አፋቸው ግን ስለ ሌላ ያወራል። እኔ በተራዬ ከመጽሐፌ እተርክላቸዋለሁ። ስለ ሞተር ስነግራቸው ያዛጋሉ።

"የወጣውን ተወው። ስለሚወርደው አውራኝ" ይሉኛል።

ስለዚህ የስዊድንን የሮኬት ታሪክ ከላይ ወደ ታች ተረክኩላቸው፤ ከደመናው ስለተመለሰው ብናኝ፣ በረዶ ላይ ስለሚያርፈው ሣጥን፣ ስለሚያነሳው ሄሊኮፕተር። አንድ ቀን መርፌያቸውን እንደያዙ "እዚያስ የሚጠቀልለው ማን ነው?" ብለው ጠየቁኝ። መጽሐፌ አይናገርም ነበር። እንዲህ ያለ ነገር አለመጻፉን ያስተዋልኩት ያኔ ነው።

የመጨረሻው ሙከራ ቅዳሜ ዋለ። ቅዳሜ ለሱቁ ዋናው ቀን ነው፤ እሳቸው ግን ካፖርታቸውን ደርበው መጡ። ሱቁን ሹፌሩ ጠበቀላቸው። የሁለት ሰው ሱሪ አቀያይሮ እንዳስረከበ በኋላ ሰማን።

ሁዲንጌ ሜዳው በበረዶ ተሸፍኖ ነበር፤ ከዜሮ በታች አሥራ አንድ ዲግሪ። በረዶው ሲረገጥ ይንኮሻኮሻል። ፓራሹቱን እዚያው፣ ከመተኮሱ ሩብ ሰዓት በፊት፣ ተንበርክኬ ጠቀለልኩት። ጣቶቼ አልታዘዝ ሲሉኝ ቀና ብዬ አየኋቸው። እጃቸውን ብብታቸው ሥር ከተቱ።

"እኔ ከነካሁት ያንተ አይሆንም" አሉ። ስጨርስ ቁራጭ ወረቀትና እርሳስ ሰጡኝ። "ስምህን፣ ቀኑን፣ ሰዓቱን ጻፍ። የጠቀለለ ሰው ይፈርማል።" ፈረምኩ። ወረቀቱን አጥፈው ኪሳቸው ከተቱት።

አስተማሪዋ ወደ ኋላ ቆጠረች። ሮኬቱ አፏጨና ወጣ፤ ነጭ ጭሱ ቀጥ ብሎ ቀረ። ዞር ስል ልብስ ሰፊው ወደ ሰማይ አያዩም። አንገታቸውን ደፍተው በረዶውን እያዩ በአማርኛ ይቆጥራሉ። "አራት… አምስት… ስድስት…" ከላይ እንደ ጭብጨባ ያለ ትንሽ ድምፅ መጣ። ቆጠራቸው ቆመ።

"ተከፈተ?" አሉኝ ቀና ሳይሉ።

"ተከፈተ ጋሼ።"

"ሙሉ ነው? ገመዱ?"

"ስምንቱም። ቀና ይበሉ፣ ይዩት።"

ቀና አላሉም። እንቁላሉ መሬት እስኪነካ ድረስ በረዶውን እንዳዩ ቆዩ። አስተማሪዋ ሣጥኑን ከፍታ እንቁላሉን በሁለት ጣቷ አንስታ ስታሳየን ነው ዓይናቸውን ያነሱት። ስንጥቅ አልነበረውም። የኪሩናው ቦታ የኔ ሆነ።

በባቡር ስንመለስ ለምን እንዳላዩ ጠየቅኳቸው።

"የፓራሹት ዝላይ ቀን እኛ ጠቅላዮቹ ሜዳው ዳር እንቆማለን። ማናችንም ወደ ላይ አናይም፤ ጆሮ ብቻ ነው" አሉ። በኩራት ቀጥ ብለው ተቀመጡ። "እኔ ጠቅልዬው ያልተከፈተ አንድም የለም።" ወዲያው ወደ እኔ ዞሩ። "ኪሩና ስትደርስ አንድ ነገር እይልኝ። እነዚያ ሰዎች ከመሃል ነው ከጫፍ የሚጀምሩት? ስንት እጥፍ ነው? እንዳትረሳ፣ ቁጠርልኝ።"

የምሄድበት ሳምንት ሲደርስ ግን ሁዲንጌ ሆስፒታል ተኝተው ነበር። ጭንቅላታቸው ውስጥ ደም ፈስሶ አንደበታቸው ተይዟል። ልጠይቃቸው ስገባ አዩኝ፤ ያውቁኝ አያውቁኝ ለማለት አልደፍርም።

ኪሩና ጣቢያው ውስጥ ሌሎቹ ተማሪዎች የሮኬቱ አፍንጫ ዙሪያ ተሰብስበው ፎቶ ሲነሱ እኔ ፓራሹቱ የት እንደሚጠቀለል ጠየቅኩ። አንዲት መሐንዲስ ወደ ጎን ክፍል ወሰደችኝ። ረጅም ጠረጴዛ ላይ ግማሹ የተጠቀለለ ብርቱካንማ ፓራሹት ተዘርግቶ ነበር። ለማን እንደምጠይቅ ነገርኳት። ጓንቷን አጥልቃ ከመጀመሪያው ፈትታ፣ እያንዳንዱን እጥፍ እስክጽፍ እየጠበቀች፣ እንደገና ጠቀለለችልኝ። ዛሬ የመለኪያ ሣጥን እየሠራሁ የምኖር ሰው ነኝ፤ ከዚያ ወዲህ እንደዚያች ሴት ከሥራው ላይ ጊዜ የሰጠኝ ሰው የለም።

ከምሳ በፊት ሆስፒታል ደወልኩ። ልጃቸው አነሳች፤ በስዊድንኛ፣ አሁንም እንደማይናገሩ ነገረችኝ። ስልኩን ጆሯቸው ላይ እንድታደርግልኝ ለመንኳት። ከወዲያ የአልጋ ድምፅና ትንፋሽ ሰማሁ።

"ጋሼ፣ ከመሃል ነው የሚጀምሩት" አልኩ። ወረቀቴን መስኮቱ ላይ አስደግፌ ማንበብ ጀመርኩ። አንደኛ፣ ማራገብ። ሁለተኛ፣ መሃሉን ይዞ ግራና ቀኙን እኩል ማድረግ። ሦስተኛውን አንብቤ አራተኛውን ስጀምር ልጃቸው ስልኩን ወሰደችው።

"ቆይ፣ ቆይ" አለችኝ። በአማርኛ ስታወራ ከዚያ በፊት ሰምቻት አላውቅም። "አባዬ አንሶላውን እያጠፈ ነው። አትፍጠን፤ እጁ አልደረሰም።"

ጠበቅኩ። ውጭ ሄሊኮፕተሩ ሞተሩን እያሞቀ ነበር።

"እሺ፣ ደረሰ" አለች።

አራተኛውን እጥፍ አነበብኩ።