ሊፍት ውስጥ የገባው ሚዛን

መምህርት ሸዋወርቅ የደብረ ብርሃን ልጅ ናት፤ ኑሮዋ ግን መቐለ ነው። በጦርነቱ ጊዜ የሚያውቋት ሁሉ «ወደ አገርሽ ሂጂ» ቢሏትም አልሄደችም። ትምህርት ቤቱ ዳግም ሲከፈት የፊዚክስ ቤተ ሙከራው ባዶ ክፍል ሆኖ ጠበቃት።

አንድ ቀን ሊፍት ቁልቁል ሲነሳ ሰው ለምን እንደሚቀለው ስታስረዳ አክሱማዊት የምትባል ተማሪዋ እጇን አወጣች።

«መምህር፣ እኔ ሊፍት ተሳፍሬ አላውቅም። እንዴት ልመን?»

ሌላ ቢሆን «ለፈተናው ሸምድጂው» ብሎ ያልፋት ነበር። ሸዋወርቅ ግን በማግስቱ ሓወልቲ ወደሚባለው የከተማው ሰፈር ሄደች። እዚያ ረሒማ የምትባል የወሎ ሴት አስፋልት ዳር ተቀምጣ አላፊ አግዳሚውን በሚዛን ትመዝናለች።

«ረሒማ፣ ሚዛንሽን ለአንድ ረፋድ አውሺኝ።»

«ወላሂ ያለ እኔ የትም አይሄድም! እንጀራዬ እኮ ነው። አብሬ እመጣለሁ።»

ተማሪዎቹን አስከትለው አንድ ሆቴል ገቡ። ኃላፊው አቶ ገብረተንሳኤ ሚዛኑን ሲያይ ፊቱ ጠቆረ።

«መምህር፣ ሊፍቱ ለእንግዳ ነው።»

«እኛስ እንግዳ አይደለንም?» አለችው።

ሳቁ አመለጠው፤ አስገባቸው።

ላይኛው ፎቅ ሲደርሱ አክሱማዊት ሚዛኑ ላይ ቆመች፤ ሃምሳ ኪሎ። ሊፍቱ ቁልቁል ሲነሳ ቀስቱ ወደ አርባ አምስት ወረደ፤ መሃል ላይ ሃምሳ ሆነ፤ ታች ሊቆም ሲል ሃምሳ አምስት ገባ።

«ያ ረቢ! ሚዛኔን አበላሻችሁት!» ጮኸች ረሒማ።

«ደህና ነው» አለች ሸዋወርቅ። «ሚዛኑ የሚያሳየው እግሯን ደግፎ የሚይዝበትን ኃይል ነው። ወለሉ ከሥሯ ሲሸሽ ድጋፉ ይቀንሳል፤ ሊያቆማት ሲል ይበረታል። ሰውነቷ ያው ነው።»

«ገመዱ ቢበጠስስ?» አለች አክሱማዊት።

ሸዋወርቅ ወደ ግቢው አወጣቻቸው። ውሃ የሞላ የፕላስቲክ ጠርሙስ ጎኑን በሚስማር በሳች፤ ውሃው ፊጭ አለ። ከደረጃው አናት ላይ ለቀቀችው። ፕላስቲኩ መሬት እስኪደርስ ከቀዳዳው ጠብታ አልወጣም።

«ውሃውም ዕቃውም እኩል ስለሚወድቁ አንዱ ሌላውን አይጫነውም» አለች። «ገመዱ ቢበጠስም እንዲሁ፤ ሚዛኑ ዜሮ ይላል።»

«እስኪ ድገሚው» ያለው አቶ ገብረተንሳኤ ነበር። ሮጦ ሌላ ፕላስቲክ አመጣ። ሸዋወርቅ እስከ ጉልበቷ ረጥባ ደጋግማ ለቀቀች። ረሒማ ሥራዋን ረስታ ቀረች።

ከዚያ ወዲህ በየዓመቱ ሆቴሉ ሊፍቱን ለአንድ ረፋድ ይለቅላታል፤ የሌላ ትምህርት ቤት መምህራንም ተማሪዎቻቸውን ይዘው ከኋላዋ ይሰለፋሉ።