የእንግዳ ስም፦ ልጄ

ወረቀቱ የአሮጌ ካርቶንና የሻጋታ ሽታ ነበረው። መጀመሪያ የያዘኝም ሽታው ነው፤ ጽሑፉን ያየሁት ኋላ ነው። አባቴ ጆሮው ከከዳው ወዲህ የምንነጋገረው በጽሑፍ ነው፤ የምንጽፈውም እሱ አስጎብኚ በነበረበት ዘመን በተረፉት የእንግዳ መመዝገቢያ ቅጾች ጀርባ ላይ ነው። ጎብኚ ሲጠፋ ቅጾቹ በካርቶን ሙሉ ቤት ቀርተዋል። ባለፈው ሳምንት ከካርቶኑ ሥር አንዱን መዝዤ «ሾርባው ቀዝቅዟል፣ ላሙቅልዎት?» ብዬ ልጽፍበት ስል ፊቱ ተሞልቶ አገኘሁት።

የእንግዳ ስም፦ ልጄ። ዜግነት፦ አዘዞ። የሰው ብዛት፦ አንድ። ቋንቋ፦ አማርኛ፣ ሲከፋት ዝምታ።

የእጅ ጽሑፉ የእሱ ነው። ሾርባው እንደቀዘቀዘ ቀረ፤ እኔም ካርቶኑ አጠገብ መሬት ላይ ቁጭ አልኩ።

ያኔ አስራ አንድ ዓመቴ ነበር። እናቴ ካረፈች ሁለት ዓመት ሆኗት፣ አዘዞ ውስጥ ከአውሮፕላን ማረፊያው ብዙ በማይርቅ ባለ ሁለት ክፍል ቤት ከአባቴ ጋር ለሁለት እንኖር ነበር። ለሁለት የምለው ለወጉ ነው። እሱ ጠዋት እንግዶቹን ሊቀበል ይወጣል፤ ግንቡን፣ ቤተ ክርስቲያኖቹን፣ የፋሲልን መዋኛ ሲያሳያቸው ይውልና በመጨረሻ ከከተማው በላይ ወዳለው የጎሃ ኮረብታ ይዟቸው ይወጣል፤ ጀንበር ስትጠልቅ ሊያሳያቸው። ስለዚህ ፀሐይ ስትገባ አባቴ ሁልጊዜ ከሌላ ሰው ጋር ነበር።

ቀኑ አይከብደኝም። ትምህርት ቤት አለ፣ ጭቅጭቅ አለ፣ ገመድ ዝላይ አለ። የምትከብደኝ ያቺ ሰዓት ነበረች። የመጨረሻው አውሮፕላን ተነስቶ ድምፁ ሲርቅ፣ ግድግዳው ላይ ያለው ብርሃን ቀይ ሆኖ ቀስ እያለ ወደ ጣሪያው ሲወጣ፣ የሰፈሩ እናቶች ልጆቻቸውን በየስማቸው እየጠሩ ሲያስገቡ። የእኔን ስም የሚጠራ አልነበረም። አንዳንዴ በራሴ አፍ እጠራውና ራሴው «አቤት» ብዬ እገባለሁ። ዛሬ ሲነገር ያስቃል፤ ያኔ አያስቅም ነበር።

አንድ ቀን አላስቻለኝም። ቤቱን ቆልፌ፣ ሚኒባስ ተሳፍሬ ፒያሳ ወረድኩና ሰው እየጠየቅሁ የጎሃን ዳገት ጀመርኩት። እግሬ ሲዝልብኝ መንገድ ዳር ተቀምጬ ሳለቅስ አንድ ዘበኛ አገኘኝና እጄን ይዞ ወደ ላይ ወሰደኝ። አባቴ ከሁለት ፈረንጆች መሀል ቆሞ ወደ ፀሐይ መግቢያ እያመለከተ ያወራ ነበር። ሲያየኝ ወሬው አፉ ውስጥ ቀረ። አልተቆጣኝም፤ ቢቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። ወደ ቤት ስንመለስ እጄን እንደያዘ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀኝ።

«ምነው ልጄ?»

«አንተ የምታየውን እኔም ልይ ብዬ ነው» አልኩት።

ከዚያ በኋላ ለሁለት ሳምንት ያህል ቤታችን ውስጥ ብዙ ሲያስብ የከረመ ሰው ዝምታ ነበር፤ ልጅ ስለነበርኩ የሥራ ድካም መሰለኝ።

አንድ እሑድ ጠዋት የሥራ ቆቡን አደረገ፣ መታወቂያውን አንገቱ ላይ አንጠለጠለ፣ ጥቁር ጃንጥላውንም ያዘ። እሑድ እንኳ አይቀርልኝም ብዬ ከንፈሬን ጣልኩ፤ ዛሬም እንግዳ አለህ ወይ አልኩት። አለኝ አለ። ከዚያ ቆቡን አወለቀና ጎንበስ ብሎ እጅ ነሳ።

«የዛሬዋ እንግዳ እርስዎ ነዎት። መኪናው ደጅ እየጠበቀዎት ነው።»

መኪና ያለው የወዳጁን ባጃጅ ነው። ግን በር የሌለውን ባጃጅ በር እንደሚከፍት ሰው እጁን ዘርግቶ አሳፈረኝ። ተፍለቀለቅሁ። በሕይወቴ «እርስዎ» ተብዬ አላውቅም።

ቀልድ ነው ብዬ ነበር፤ እሱ ግን አልለቀቀም። ግንቡ ደረጃ ላይ «እግርዎን ይጠንቀቁ» ይለኛል፤ ፀሐይ ሲበረታ ጃንጥላውን ይዘረጋልኛል። «አባዬ፣ ውሃ ጠማኝ» ስለው ግራ ቀኝ ገልመጥ ብሎ፣ አባዬ የሚባል ሰው ከቡድናችን ውስጥ አለ እንዴ ብሎ ጠየቀኝ። አስጎብኚና እንግዳ አንቱ ይባባላሉ እንጂ አንተና አንቺ አይሉም አለኝ። እኔም ተማርኩ። «ውሃ ይስጡኝ» አልኩት። ወዲያው ሰጠኝ። አንቱ ማለትን ያስተማረኝ እሱ ራሱ ነው፤ ይህን ልብ በሉልኝ።

የሙያውን ምስጢርም ያን ቀን ነገረኝ። አስጎብኚ «አላውቅም» አይልም። ያላወቀውን ሲጠየቅ «ይባላል» ብሎ ያልፈዋል። ስለዚህ በጥያቄ አጣደፍኩት። በንጉሡ ግቢ የነበሩት አንበሶች ሌሊት ይተኙ ነበር ወይ? ይተኙ ነበር ይባላል። ንጉሡ ደረጃውን ሲወጣ ይደክመው ነበር ወይ? በእርጅናው ይደክመው ነበር ይባላል። የንጉሡስ ልጅ እናት ነበራት ወይ? «ነበረቻት ይባላል» አለ፤ ጃንጥላውንም ወደ እኔ ጠጋ አደረገው።

ደብረ ብርሃን ሥላሴ ስንደርስ ጫማችንን አወለቅን። የወንድና የሴት መግቢያው ለየብቻ ነው፤ «እንግዳችን በዚያ በኩል፣ እኔ በዚህ በኩል» አለኝና ብቻዬን ገባሁ። ከውጭው ብርሃን ገብቼ ለአፍታ ምንም አልታየኝም። እግሬ ሥር ምንጣፉ ቀዝቃዛ ነበር፤ የጧፍና የቆየ ጨርቅ ሽታ አለ። ዓይኔ ሲለምድ ቀና አልኩ፤ ጣሪያው ሙሉ ፊት ነው። ክንፍ ያላቸው ፊቶች፣ በመደዳ በመደዳ፣ ሁሉም ዓይናቸውን አፍጥጠው። አባቴ በሌላው በር ገብቶ ከኋላዬ ቆሞ ኖሮ፣ በሥራ ድምፁ ሳይሆን በቀስታ እንዲህ አለኝ።

«እንግዳችን የትም ቢቆሙ፣ የሚያያቸው አንድ አይጠፋም።»

ሞከርኩት። ጥግ ቆምኩ፣ መሀል ቆምኩ፣ ግድግዳ ተጠጋሁ። እውነቱን ነው፣ አንድ አይጠፋም። ያን ጊዜ እንዲህ ያለ ጣሪያ ቤታችን ቢኖር ያቺ ሰዓት አትከብደኝም ነበር ብዬ አሰብኩ።

የፋሲል መዋኛ ባዶ ነበር። ውሃው የሚሞላው ለጥምቀት ነው፤ በቀረው ጊዜ ዛፎቹ ሥሮቻቸውን በግንቡ ላይ ዘርግተው ባዶውን ይጠብቁታል። ዓመቱን ሙሉ ለአንድ ቀን ይጠብቃል ማለት ነው ብዬ ጠየቅሁት፤ ልክ ነዎት አለኝ። አሳዘነኝ። ለአንድ ቀን ብሎ ዓመቱን ሙሉ መጠበቅ ምን እንደሆነ የማውቅ መሰለኝ።

ከአስራ አንድ ሰዓት በኋላ ጎሃ ላይ ነበርን። ካፖርቱን ሣሩ ላይ አነጠፈልኝና ተቀመጥኩ። ከታች ከተማው ቆርቆሮውን እያብለጨለጨ ተኝቷል፤ ነፋሱ የባሕር ዛፍ ሽታ ያመጣል፤ ከሩቅ የደወል ድምፅ ይመጣና ይጠፋል። አሞራዎች ከእኛ በታች ይዞራሉ። ፀሐይዋ ወደ ተራራው ስትወርድ ግንቡ መጀመሪያ ወርቅ፣ ቀጥሎ የሸክላ ቀለም መሰለ። ያቺ ሰዓት ነበረች፤ ግን አልከበደችኝም። አባቴ አጠገቤ ቆሟል። ይህ ቀን ባያልቅ ብዬ ተመኘሁ።

አባቴ ኪሱን ዳበሰና ወረቀት አወጣ፤ ይህንኑ ወረቀት። ሁልጊዜ ጉብኝቱን የሚዘጋበት ንግግር እንዳለው አውቃለሁ። ጉሮሮውን ጠራረገ። እኔን አላየኝም፤ የሚያየው ፀሐይዋን ነበር።

«የዛሬው ጉብኝታችን በዚህ ያበቃል» አለ። «እንግዳችን ነገ ጠዋት ወደ ማክሰኝት ይጓዛሉ። አክስታቸው ቤት ይቀመጣሉ፤ እዚያው ይማራሉ።»

ሳቅሁ። የጨዋታው ክፍል መስሎኝ ነበር። እሱ ግን አልሳቀም፤ ዓይኑንም ከፀሐይዋ ላይ አላነሳም። ለካ እንደ አባት ሊነግረኝ አቅቶት ኖሯል፤ እንደ አስጎብኚ ለመንገር ነው ያን ሁሉ ቀን አንቱ ሲለኝ የዋለው። እኔም በማልቀስ ፈንታ በእሱው ቋንቋ ጠየቅሁት።

«እንግዳዋ መቼ ይመለሳሉ?»

«ይባላል» የሚለውን ጠበቅሁ። በቅርቡ ይመለሳሉ ይባላል፣ ለፋሲካ ይመለሳሉ ይባላል፣ ምንም ቢሆን አምነው ነበር።

«እሱን አላውቅም» አለ።

ፀሐይዋ ገባች። ካፖርቱን አንስቶ አራገፈና ትከሻዬ ላይ ጣል አደረገልኝ።

በማግስቱ መናኸሪያ ላይ ቦርሳዬን በመስኮት አቀበለኝ። አክስቴ፣ የእሱ ታላቅ እህት፣ አጠገቤ ተቀምጣለች። ልትወስደኝ የመጣችው አሳድጊልኝ ብሎ በሰጣት ቃል ነው፤ እኔማ «የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ» የሚለውን ተረት እንዳለ የፈጸመው መሰለኝ። ደህና ዋል በይኝ እንጂ አለኝ።

«ደህና ይዋሉ» አልኩት።

ፈገግ አለ። ጨዋታውን የቀጠልኩለት መስሎት ነበር።

በየቅዳሜው፣ በገበያ ቀን፣ ደብተርና ዳቦ ይዞ ይመጣል። «እንደምን ሰነበቱ?» እለዋለሁ። የመጀመሪያው ቅዳሜ ሳቀ። ሁለተኛው ቅዳሜ ሳቁ ግማሽ ላይ ቆመ። በሦስተኛው እህል ከሚሰፈርበት ገለል አድርጎኝ፣ ጉብኝቱ እኮ አልቋል አለኝ። እኔም «እሱን አላውቅም» አልኩት። እህል ነጋዴዋ አክስቴ ደግሞ ከጆንያዎቿ መሀል ሆና ትኮራብኛለች።

«ሸጋ ልጅ ነው የሰጠኸኝ። የዛሬ ልጅ ማን አባቱን አንቱ ይላል?»

«አዎ፣ ሸጋ ናት» አለ አባቴ፣ መሬት መሬት እያየ።

አያችሁ፣ ሰው ሁሉ ጨዋነት ብሎ የሚጠራው ነገር ቅጣት ነበር። ብሰድበው ይገስጹኝ ነበር፤ ባኮርፈው ይመክሩኝ ነበር። አንቱ ስለው ግን ተመረቅሁ። እልኸኛ ነኝ፤ እልሄም ከእሱ የወረስኩት ነው። እውነቱን ለመናገር አክስቴ ክፉ አልነበረችም። ማክሰኝት ጀንበር ስትጠልቅ ስሜን እየጠራ የሚያስገባኝ ሰው ነበረ። እሱም የፈለገው ይህንኑ ብቻ ነበር፤ ይህ የገባኝ አድጌ ነው። ሲገባኝ ቂሙ ለቀቀኝ፤ ቃሉ ግን አፌ ላይ ቀረ። ዩኒቨርሲቲ ስገባ እርስዎ፣ ስመረቅ እርስዎ፣ ሆስፒታል ላቦራቶሪ ሥራ ይዤ ወደ አዘዞው ቤት ስመለስ እርስዎ። «አንተ» ለማለት ስንቴ አፌን ከፍቼ መለስኩት። በልቤ ግን አንድም ቀን አንቱ ብዬው አላውቅም። ይኸው ለእናንተ እንኳ ሳወራ «አለ» እላለሁ እንጂ «አሉ» አልልም።

ዛሬ ያቺ ሰዓት የእሱ ሆናለች። እኔ ከሥራ እስክመለስ በረንዳ ላይ ብቻውን ይቀመጣል። አውሮፕላኑ ሲነሳ አይሰማም፤ የሰፈሩ እናቶች ሲጣሩም አይሰማም። በር ስከፍት የሚያውቀው ጥላዬ ሲወድቅበት ነው።

ቅጹን ከታች ድረስ አነበብኩት። የመጨረሻው መስመር «የሚመለሱበት ቀን» ይላል። አባቴ እዚያ ላይ ሦስት ጊዜ ጽፎ ሦስት ጊዜ ሰርዟል። ወደ አምፖሉ አስጠግቼ ከስርዙ በታች ያለውን ለማንበብ ሞከርኩ። አንደኛው «ለፋሲካ» ይመስላል። ሌሎቹን እስክሪብቶው ቀዷቸዋል።

ወረቀቱን ይዤ ወጣሁ። በረንዳው ላይ ብርሃኑ ቀልቶ ነበር። «ይግቡ፣ ይበርድዎታል» ልጽፍ ነበር፤ እጄ የለመደው እሱን ነው። ገልብጬው ቆምኩና ጻፍኩ።

«አባዬ፣ ና ግባ። ይበርድሃል።»

ስሰጠው በድምፅም አልኩት። በድምፅ ያልኩትን አልሰማም። ሃያ አምስት ዓመት የጠበቀው ቃል ጆሮው ከሄደ በኋላ መጣለት። መነጽሩን አደረገ። አንድ መስመር ናት፤ ግን ብዙ ቆየባት፣ ጣቱንም እያንዳንዱ ቃል ላይ አሳለፈ። ሌላ ቀን ወረቀቱን አንብቦ ጠረጴዛው ላይ ያስቀምጠዋል። ይህን አራት አጠፈና ደረት ኪሱ ውስጥ ከተተው።

ከዚያ እንደ ደንቆሮ ሰው ወጉ፣ ጎረቤት ሁሉ እስኪሰማ ድምፁን ከፍ አድርጎ፣ በአገጩ ወደ ፀሐይዋ አመለከተ።

«ትንሽ ልቆይ። እሷም ገና አልገባችም።»

ወንበር አመጣሁና አጠገቡ ተቀመጥኩ።