ሰባተኛው ዘፈን ላይ የተጠራው ስም

በፈረንጆቹ ሁለት ሺዎቹ መጨረሻ ግድም ነው። ፈረንጅ አገር፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ከተማ ባለ አንድ ክፍል ስቱዲዮ ቤት ተከራይቼ ብቻዬን እኖራለሁ፤ የምሠራው ደግሞ ወንዙን ተሻግሮ ካለችው አሌክሳንድሪያ ከተማ፣ አንድ የአዛውንቶች መጦሪያ ላውንድሪ ውስጥ። ወደ ውድብሪጅ ከተማ የሚዛወር ቤተሰብ ሚኒቫኑን ሲሸጥ ገዛሁት። ለአንዲት ሴት ሰባት ወንበር! ራሴም እስቅ ነበር።

ላውንድሪው ውስጥ አብሮኝ አንሶላ የሚያጥፍ ኮንጓዊ ነበር። በዕድሜ ይበልጠኛል፣ ወሬ አይወድም፣ ጣቶቹ ግን ጠረጴዛውን ሲመቱ ይውላሉ። ጊታሪስት መሆኑን ያወቅኩት በሦስተኛው ዓመት ነው። ከአገሩ ልጆች ጋር የሩምባ ባንድ አቋቁመው የመጀመሪያ አልበማቸውን ሊቀርጹ ነው። ልምምዳቸው ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ቀረጻው አሌክሳንድሪያ አንድ ሰው ምድር ቤት፣ ቤዝመንት ውስጥ፣ ዕቃ የሚጭን መኪና ግን የላቸውም። "ሲስተር፣ አንቺ ቫን አለሽ አይደል?" አለኝ። እሁድ ከቅዳሴ በኋላ የሚጠብቀኝ ሰው ስለሌለ እሺ አልኩ።

ያን ሰመር በሙሉ እሁድ ከሰዓት ከበሮና ስፒከር ጭኜ ከተማውን በሚዞረው አውራ ጎዳና፣ በቤልትዌዩ ስመላለስ ከረምኩ። ወንዶቹ ከኋላዬ በአገራቸው ቋንቋ በሊንጋላ ይቀላለዳሉ። አንድም ቃል አይገባኝም፤ ሲስቁ ግን አብሬ እስቃለሁ፣ እንደ ሞኝ። ቤዝመንቱ ጋ ስንደርስ ደረጃው ላይ ቁጭ ብዬ አዳምጣለሁ።

አንድ ቀን ጊታሪስቱ ጓደኛዬ ነገረኝ። እነሱ ዘንድ ጊታሩ መፍጠን ሲጀምር ዘፋኙ ባለውለታዎቹን በስም እየጠራ ያወድሳል አሉ። "አንቺም ትጠሪያለሽ" አለኝ።

አቤት ደስታዬ! የሚያውቅ ያውቀዋል፤ በዚያ አገር ስሜን የሚጠራኝ ሰው አልነበረም። አለቃዬ "ሃኒ" ትለኛለች፣ አዛውንቶቹ "ሚስ"፣ እሱም "ሲስተር"። የገዛ ስሜን ሳልሰማ ሳምንቱ ያልፋል። አንድ ጊዜ፣ አንድ ጊዜ ብቻ፣ ሰው ጮክ ብሎ እንዲጠራኝ ፈለግኩ። ወረቀት ላይ ልጽፍለት አሰብኩና ኮራሁ። ሦስት ዓመት የአንሶላውን ሌላ ጫፍ ይዞ የኖረ ሰው ስሜ ይጠፋዋል? ምን ቆርጦት!

ሲዲው ሲወጣ ለእኔም አንድ ሰጠኝ። ሥራ ስንጨርስ ፓርኪንግ የቆመው ቫኔ ውስጥ ገብቼ ሲዲውን ከፈትኩት። ሰባተኛው ዘፈን ላይ ጊታሩ ፈጠነ፣ ዘፋኙም ስም መጥራት ጀመረ። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት ሰው ጠራ። ከዚያ የአባቴን ስም ጠራ። ደሴ የሚኖሩትን አባቴን! ሌሎቹም ተቀብለው ደጋግመው ጮኹ።

ደረቴ ላይ የሚንጠለጠለው ባጅ ላይ በትልቁ የተጻፈው የአባቴ ስም ነው፤ ፈረንጅ ወረቀት ላይ ሰው የሚመዘገበው በአባቱ ስም ነውና። ለካ ያ ሰው ሦስት ዓመት ሙሉ ስሜን አያውቀውም ነበር። ስም ሲጠየቅ ባጄን አንብቦ ሰጣቸው። በንዴት ሲዲውን ልሰብረው ምንም አልቀረኝ። አለቀስኩም። በማግስቱ "እንዴት ነው?" ሲለኝ "ቆንጆ ነው" አልኩት፣ ምን ልበል? ብዙም ሳይቆይ እሱና ሁለት የባንዱ ልጆች ጠቅልለው ቴክሳስ ገቡ፣ ባንዱም ተበተነ።

እሁድ እሁድ አባባ ሚስድ ኮል ያደርጉልኛል፣ እኔ ካርድ ፍቄ መልሼ እደውላለሁ። በአንዱ እሁድ፣ ይስቁ ይሆናል ብዬ ስልኩን የቫኑ ስፒከር ላይ ለጥፌ ሰባተኛውን ዘፈን አሰማኋቸው።

"እነማን ናቸው የሚጠሩኝ?" አሉ።

"ጓደኞቼ ናቸው አባባ።"

  ድምፃቸው ከፍ አለ።

"ይህን ሁሉ ሰው ይዘሽ ነው? እኔ ልጄ ብቻዋን ናት እያልኩ እንቅልፍ አጥቼ! እስከ አባትሽ ስም ድረስ የሚያውቅ ወዳጅ አፍርተሻል። እሰይ፣ ተመስገን!"

እውነቱን ልናገር አፌን ከፈትኩ። እንዲህ ደስ ብሏቸው ሰምቻቸው አላውቅም ነበር፤ ዋጥ አደረግኩት።

በሚቀጥለው እሁድ ሚስድ ኮል አልመጣም። በሌላውም አልመጣም። እኔው ደወልኩ።

"ምነው አባባ፣ አሞዎት ነው እንዴ?"

"ኧረ ደህና ነኝ! እሁድ ከሰዎችሽ ጋር ትሆኛለሽ፣ ምን ልሁን ብዬ ላስቸግርሽ? በይ ሂጂ፣ አታስጠብቂያቸው።"

ቤቴ ውስጥ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀምጬ ነበር፣ የቤተ ክርስቲያን ነጠላዬን እንኳ ሳላወልቅ።

"እሺ አባባ፣ እየጠበቁኝ ነው" አልኩና ዘጋሁት።